አስማተኛ ክሪስታል ለፋንታሲ ዓለማችሁ፦ ከአንድ አባባል እስከ መጀመሪያው ትዕይንት

በብዙ የፋንታሲ ታሪክ ውስጥ አንድ የሚያበራ ድንጋይ አለ። ሰማያዊ ወይም ሐምራዊ ነው። ዋሻ ውስጥ ይገኛል። ጀግናው ያነሳዋል፣ ኃይል ያገኛል፣ ጠላት ይወድቃል። መጽሐፉን ስንዘጋ ድንጋዩም ከአእምሯችን ይወጣል። ማንንም አላስቸገረማ! ማንም ለሱ ሲል የሚወደውን ነገር አልተወም። ሁለት ወንድማማቾች አልተጣሉበትም።

እኔ የምወደው ሌላ ዓይነቱን ነው። አንድ ዓለም ውስጥ ሲገባ የሰዎቹን ኑሮ፣ ሕግና ንግድ፣ እንዲያውም ጥርሳቸውን ሳይቀር የሚለውጥ ድንጋይ። (የጥርሱን ነገር ወደ በኋላ ታገኙታላችሁ።) ይህ መመሪያ እንዲህ ያለ ክሪስታል ከምንም ተነስቶ እንዴት እንደሚሠራ ያሳያል። ባዶ ምክር እንዳይሆን አንዱን አብረን እንሠራለን። ስሙ ማሚቶ ነው። ደረጃዎቹን በቅደም ተከተል ሂዱባቸው። አራተኛውን ግን በምንም ምክንያት አትዝለሉት።

ደረጃ 1፦ ቀለሙን ተዉትና ጥያቄ ፈልጉ

ክሪስታል ልንፈጥር ስንቀመጥ መጀመሪያ የሚመጣልን ቀለም ነው። ቀጥሎ ብርሃን። ሁለቱም ለጊዜው ይቆዩ። ከቀለም የሚወለድ ታሪክ እምብዛም የለም። ከጥያቄ ግን ይወለዳል።

ጥያቄው ከየት ይመጣል? ከምትናገሩት ቋንቋ ጀምሩ። አባባሎቻችን ውስጥ ግማሽ አስማት ተደብቆ ተቀምጧል። እኔ የያዝኩት «ካፍ ከወጣ አፋፍ» የሚለውን ነው። ይህን አባባል በሰማሁ ቁጥር ገደል ጫፍ ላይ የቆመ ቃል ይታየኛል። እሺ፣ ወጥቶ አፋፉ ላይ ቆመ። ከዚያስ ወዴት ይሄዳል? ወደ ገደሉ ብንጮኽ የገደል ማሚቶ ይመልስልናል። ባይመልሰውስ? ድንጋዩ ይዞ ቢያስቀረውስ?

ይኸው ጥያቄው። ወረቀት አውጡና የራሳችሁን ጻፉ። «ቢሆንስ» ብሎ የሚያልቅ አንድ ዓረፍተ ነገር ይበቃል። በሁለት ቀን ውስጥ ደጋግሞ ወደ ሐሳባችሁ ከመጣ ያዙት። ካልመጣ ሌላ ፈልጉ።

ደረጃ 2፦ እውነተኛውን ድንጋይ በእጃችሁ ያዙ

ይህ ደረጃ ብዙ ሰው የሚያልፈው ነው። እኔ ደግሞ በጣም የምወደው። ምድር ራሷ የሠራቻቸው ድንጋዮች ከብዙ ልብ ወለድ ይልቅ አስገራሚ ናቸው። እነሱን ያወቀ ሰው የሚፈጥረው ድንጋይ ክብደት ይኖረዋል።

በጥንካሬ እንጀምር። ጀርመናዊው የማዕድን ሊቅ ፍሪድሪሽ ሞስ በ1812 ማዕድናትን በመጫጫር የሚለይ መለኪያ አወጣ። ከ1 እስከ 10 ይሄዳል። ታልክ 1 ነው፣ ጂፕሰም 2፣ ካልሳይት 3፣ አፓታይት 5፣ ኳርትዝ 7፣ ኮረንደም 9፣ አልማዝ 10። ከፍ ያለው ዝቅ ያለውን ይጭረዋል። ጥፍራችሁ 2 ተኩል ገደማ ስለሆነ ጂፕሰምን መጫር ትችላላችሁ። እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ፤ አለመጫርና አለመሰበር አንድ አይደሉም። አልማዝን ከሌላ አልማዝ በቀር ምንም ማዕድን አይጭረውም፤ በመዶሻ ቢመታ ግን በተፈጥሮው በሚከፈልበት አቅጣጫ ይሰነጠቃል። «በዓለም ላይ ጠንካራው ድንጋይ» ብላችሁ ከመጻፋችሁ በፊት የትኛውን ጥንካሬ እንደምትሉ ወስኑ። አንዱ ብቻ ጠንካራ፣ ሌላው ደካማ ሲሆን ለታሪክ ይመቻል።

ቀለምም ያታልላል። ሩቢና ሰንፔር አንድ ማዕድን ናቸው፤ ሁለቱም ኮረንደም። ትንሽ ክሮሚየም ሲገባ ቀይ ይሆናል፣ ብረትና ቲታኒየም ሲገቡ ሰማያዊ። ሐምራዊው አሜቲስት ደግሞ ኳርትዝ ነው። ውስጡ ብረት አለ፣ የተፈጥሮ ጨረር ነክቶታል። ብታሞቁት ሐምራዊነቱ ይጠፋና ብዙ ጊዜ ወደ ቢጫ ይሄዳል። አሌክሳንድራይት የሚባለው በቀን ብርሃን አረንጓዴ፣ በሻማ ብርሃን ቀይ ነው። ይህን አንድ ደራሲ ቢፈጥረው «አበዛው» እንለው ነበር።

ለማሚቶ የሚጠቅመን ግን ኳርትዝ ነው። በ1880 ዣክና ፒየር ኪዩሪ የተባሉ ወንድማማቾች እንደ ኳርትዝ ያሉ ክሪስታሎች ጫን ሲባሉ ኤሌክትሪክ እንደሚያመነጩ አሳዩ። በተቃራኒውም ይሠራል፤ ኤሌክትሪክ ሲሰጡት ድንጋዩ ይንቀጠቀጣል። የኳርትዝ ሰዓት ውስጥ ያለችው ቅንጣት በሰከንድ 32,768 ጊዜ የምትርገበገበው በዚህ ነው። አስቡት፤ ሲጫኑት የሚመልስ ድንጋይ! ድምፅም እኮ መርገብገብ ነው። ድምፅ የሚይዝ ድንጋይ ለመፍጠር ከዚህ የተሻለ መነሻ የለም።

አንድ ሙከራ ደግሞ በእጃችሁ ሥሩ። ሁለት የኳርትዝ ጠጠሮች ያዙና ጭልጥ ያለ ጨለማ ክፍል ውስጥ ግቡ። ዓይናችሁ ጨለማውን እስኪለምድ ጠብቁ። ከዚያ ጠጠሮቹን አጥብቃችሁ አፋጩ። የተፋጩበት ቦታ ላይ ደብዘዝ ያለ ብርሃን ብልጭ ይላል። ጉንጫችሁ ላይም አስነኩት። ከመስታወት ይልቅ ይቀዘቅዛል፤ ሙቀታችሁን ቶሎ ስለሚወስድ ነው። ይህን ቅዝቃዜ አስታውሱት፣ እንጠቀምበታለን።

ደረጃ 3፦ አንድ ችሎታ፣ አንድ ዓረፍተ ነገር

አሁን ድንጋዩ ምን እንደሚሠራ ወስኑ። አንድ ነገር ብቻ። የሚፈውስ፣ የሚያበርር፣ የወደፊቱን የሚያሳይ፣ ጠላት የሚያቃጥል ድንጋይ ለደራሲው ይመቻል። ለአንባቢው ግን አይመችም። ችግር በመጣ ቁጥር «ድንጋዩ ያወጣቸዋል» ብሎ ይዝናናል፤ ልቡ አይሰቀልም።

የማሚቶ ዓረፍተ ነገር ይህ ነው፦ ማሚቶ ፊቱ የተነገረን አንድ ትንፋሽ ያህል ንግግር ይይዛል፤ በጥርስ ተይዞ ጫን ሲባል ለነከሰው ሰው ብቻ ያሰማል።

እያንዳንዱ ቃል ሥራ አለው። «አንድ ትንፋሽ» ስላልን ረጅም ደብዳቤ አይገባበትም፤ ሰው የሚለውን መምረጥ አለበት። ድንጋዩ ቢተልቅም የሚይዘው ያው አንድ ትንፋሽ ነው። እንዲህ ካላልን አንዱ ተነስቶ ቤት የሚያህል ማሚቶ ያመጣና ሁሉን ያበላሽብናል። «በጥርስ» ያልነው ድምፅ በአጥንት በኩልም ወደ ጆሮ ስለሚደርስ ነው። ጆሯችሁን ደፍናችሁ ስታዜሙ ድምፃችሁ የሚሰማችሁ በዚሁ መንገድ ነው። «ለነከሰው ብቻ» ስንል ደግሞ ሌላው ሰው አፉን አምኖ መቀበል አለበት። ዳኛ ነክሶ «እንዲህ ይላል» ሲል እውነት ይናገራል? ታሪክ ከዚህ ይጀምራል።

ቃል የገባሁላችሁ ጥርስም እዚህ ይመጣል። የጥርሳችን የላይኛው ሽፋን ከአፓታይት ዓይነት ማዕድን የተሠራ ነው፤ በሞስ መለኪያ 5 ገደማ። ማሚቶ እንደ ኳርትዝ 7 ነው። ስለዚህ ብዙ የሚነክስ ሰው የፊት ጥርሱ ይበላል። በዚያ ዓለም አንድ ሽማግሌ ፈገግ ሲል ጥርሱ ተሸርፎ ካያችሁት ዳኛ ነበር፣ ወይም ሰላይ፣ ወይም ደግሞ የሞተ ሰው ድምፅ የናፈቀው ነው። ማብራሪያ አያስፈልገውም፤ ፈገግ ማለቱ ይበቃል። አንድ እውነተኛ ቁጥር ይህን ሁሉ አመጣልን። ደረጃ 2ን አትለፉ የምለው ለዚህ ነው።

ደረጃ 4፦ ዋጋውን ቁረጡ

የመመሪያው ልብ እዚህ ነው። ሰው ድንጋዩን ለመጠቀም ምን ያጣል?

«ይደክመዋል» አይበቃም። ድካም ተኝቶ ይወጣለታል። «ሕይወቱ በአንድ ዓመት ያጥራል» የሚለውም ብዙ ጊዜ አይሠራም፤ አንባቢ የማያየውን ዓመት አያዝንለትም። ጥሩ ዋጋ ከችሎታው ሥር የሚበቅል ነው። ድንጋዩ ቃል የሚይዝ ከሆነ የሚወስደውም ቃል ይሁን።

ማሚቶ ውስጥ የገባ ንግግር ከተናጋሪው አፍ ይወጣል። ለዘለዓለም። ትርጉሙ በሐሳቡ አለ፣ ያስታውሰዋል፣ ሌላ ሰው ሲለው ይገባዋል። እሱ ግን እነዚያን ቃላት በዚያው ቅደም ተከተል ደግሞ ሊላቸው ሲሞክር ምላሱ ይታሰራል። ካፍ ወጣ፣ አፋፍ ላይ ቀረ።

እስቲ በአንዲት እናት እንየው። ሩቅ አገር ልትሄድ ነው። ልጇ ያለ እሷ እሹሩሩ አይተኛም። ስለዚህ እሹሩሩዋን ማሚቶ ውስጥ ታስቀምጥለታለች። ልጁ ከንፈሩን ገጥሞ ድንጋዩን በወተት ጥርሱ ይይዝና ይተኛል። ከ5 ዓመት በኋላ እናቲቱ ትመለሳለች፣ ሌላ ልጅ ትወልዳለች። ሕፃኗ ታለቅሳለች። እናት አፏን ትከፍታለች፤ ዜማው አለ፣ ቃሉ የለም። ትልቁ ልጅ ደግሞ ትራሱ ሥር ድንጋዩን ደብቋል። ይሰጣታል ወይስ አይሰጣትም?

ጭራቅም ጦርነትም የለበትም። አንድ ሕግ ብቻ አለ፣ ቤቱ ግን ተናወጠ።

ለራሳችሁ ድንጋይ ዋጋ ስትቆርጡ ሦስት ነገር ጠይቁ። ማን ይከፍላል? መቼ ይከፍላል? የተከፈለው ይመለሳል ወይ? የመጀመሪያውን በደንብ አብስሉት፤ የሚጠቀመውና የሚከፍለው ሰው ሲለያዩ ነገሩ መራራ ይሆናል። በእውነቱ ዓለምም እንዲሁ ነው። የኳርትዝ አቧራ ለዓመታት የተነፈሰ ቆፋሪ ሳንባው ይጎዳል፤ ድንጋዩን አንገቷ ላይ ያሰረችው ሴት አንድም ቀን አላሳላትም። ደማቁ ቀይ ሲናባር የሜርኩሪ ማዕድን ነው፤ ቀለሙ ግድግዳ ሲያስውብ ቆፋሪውን መርዟል። በማሚቶ ዓለምም ባለዕዳ ድሆች ዘፈናቸውን ለሀብታም ይሸጣሉ። አንዲት ዘፋኝ የምርጥ ዘፈኗን አዝማች አንድ ድንጋይ ውስጥ አስገብታ ዕዳዋን ከፈለች እንበል። ሰው ሁሉ ያንን ዘፈን ያንጎራጉራል። እሷ ብቻ አትችልም።

ደረጃ 5፦ ለምን ብርቅ ሆነ?

«በጣም ጥቂት ነው» ማለት መልስ አይደለም። ለምን ጥቂት ሆነ?

ብርቅነት በተፈጥሮ ብቻ አይመጣም። አሉሚኒየም በምድር ቅርፊት ውስጥ በብዛት አለ። ሆኖም በ19ኛው ክፍለ ዘመን ከድንጋዩ ማላቀቅ ከባድ ስለነበር ውድ ብረት ነበር። በ1884 የዋሽንግተን ሐውልት ጫፍ ላይ የተቀመጠው አሉሚኒየም ነው፤ የክብር ብረት ስለነበር። በ1886 ሆልና ኤሩ የተባሉ ሁለት ሰዎች፣ አንዱ አሜሪካ ሌላው ፈረንሳይ ሆነው፣ በኤሌክትሪክ የማውጣት ዘዴ አገኙ። ዋጋው ተንኮታኮተ። ከዚህ የምንወስደው፤ ብርቅ ያደረገው ነገር ከታወቀ ያንን ነገር የሚያፈርስ ሰውም ይመጣል። ያ ሰው ገጸ ባሕርይ ሊሆናችሁ ይችላል።

ሌላው ምክንያት ቦታው ነው። ሜክሲኮ ውስጥ ናይካ በሚባል የማዕድን ጉድጓድ፣ 300 ሜትር ገደማ ጥልቀት ላይ፣ ቆፋሪዎች በ2000 አንድ ዋሻ አገኙ። ውስጡ ከ11 ሜትር የሚበልጡ የጂፕሰም ክሪስታሎች እንደ ወደቀ ግንድ ተጋድመዋል። ሙቀቱ እስከ 58 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይደርስ ነበር፣ አየሩም በእርጥበት የጠገበ ነበር። ያለ ልዩ ልብስ የገባ ሰው ከጥቂት ደቂቃ በላይ አይቆምም ነበር። ውበቱና ገዳዩ አንድ ቦታ። እነዚያ ግዙፍ ምሰሶዎች ደግሞ ጂፕሰም ስለሆኑ በጥፍር ይጫራሉ!

ወደ ማሚቶ እንመለስ። የኔ ውሳኔ ይህ ነው፤ ማሚቶ ብርቅ አይደለም። ወንዝ ዳር ሞልቷል። ብርቁ ባዶ ማሚቶ ነው።

ድንጋዩ የመጀመሪያውን ድምፅ ይይዝና ይዘጋል። ስለዚህ ከመሬት በላይ ያለው ሁሉ ገና ድሮ ሞልቷል። ብትነክሱት ነጎድጓድ ትሰማላችሁ፣ ወይ ፏፏቴ፣ ወይ ከሺህ ዓመት በፊት የጮኸ እንቁራሪት። ቆፋሪዎቹ እንዲህ ያለውን «የሞላ» ይሉታል፤ ልጆች ይጫወቱበታል። ባዶው «ጾመኛ» ይባላል። ጾመኛ የሚገኘው ድምፅ ፈጽሞ ባልደረሰበት ቦታ ነው። እውነተኛ አሜቲስት ብዙ ጊዜ የሚያድገው ላቫ ሲቀዘቅዝ የጋዝ አረፋ ትቶት በሄደው ክፍተት ውስጥ ነው። ከውጭ ተራ ድንጋይ፣ ከውስጥ ባዶ ሆድ። ጾመኛም እንዲህ ባለ የታሸገ ሆድ ውስጥ ይበቅላል።

እንግዲህ አስቡት፣ ይህን እንዴት ትቆፍራላችሁ? መዶሻው አንዴ ቋ ካለ ዕቃው ተበላሸ። ስለዚህ ቆፋሪዎቹ መዶሻ አይዙም። ድንጋዩን በእርጥብ እንጨት ሽብልቅ ቀስ ብለው ይፈለቅቁታል። አፋቸውን በጨርቅ ያስራሉ። በጣት ይነጋገራሉ። ጉንፋን የያዘው ሰው ጉድጓድ አይወርድም። አንድ ማስነጠስ የአንድ ዓመት እንጀራ ያሳጣል። ልጆቻቸው ከመናገር በፊት የጣት ቋንቋ ይማራሉ። ይህን ሁሉ ቁጭ ብዬ «ባህላቸው ምን ይሁን» ብዬ አላሰብኩትም። ከብርቅነቱ ምክንያት ራሱ ወጣ።

ደረጃ 6፦ አካል ስጡት

አሁን ቀለም ተፈቀደላችሁ። አጭር መግለጫ ጻፉ፤ ለዓይን፣ ለእጅ፣ ለጆሮ፣ ለምላስ። ማሚቶ ስድስት ጎን ያለው ነው፣ የትንሽ ጣት ግማሽ ያህላል፣ ጉንጭ ላይ ይቀዘቅዛል። ጾመኛው ጥርት ያለ ነው። ሲሞላ መሐሉ ላይ ቀጭን ነጭ ጉም ይሠራል፤ መስታወት ላይ እንደተነፈሱበት። ነጭ ኳርትዝ ወተት የሚመስለው ውስጡ በታሰሩ ጥቃቅን የፈሳሽ ጠብታዎች ነው፤ ጉሙን ከዚያ ወሰድኩት። አያበራም። ማብራት ያለበት ድንጋይ ከሠራችሁ ምክንያቱን ስጡት እንጂ ዝም ብሎ አይብራ።

ስለ ቅርጽ አንድ ነገር ብቻ። በተለመዱት ክሪስታሎች ውስጥ አቶሞች በአምስት ዞሮ በሚገጥም ሥርዓት አይደረደሩም። በ1982 ዳን ሼክትማን ይህን የሚጥስ ነገር አየ። ብዙዎች አላመኑትም። በ2011 ኖቤል ተሸለመበት። ዓለማችሁ ውስጥ «ሊኖር የማይችል» ድንጋይ ካስፈለጋችሁ አምስት ቁጥር ትጠቅማችኋለች።

ደረጃ 7፦ ስም

ስሙን ከሌላ ቋንቋ አትዋሱ። እንግዳ የሚመስል ስም ለማውጣት ፊደል ማጋጨትም አያስፈልግም። ክሪስታል የሚለው ቃል ራሱ በግሪክ በረዶ ማለት ነው፤ የጥንት ሰዎች ኳርትዝ ላይቀልጥ የቀዘቀዘ በረዶ ይመስላቸው ነበር። እኛም «እብነ በረድ» እንላለን፤ በግእዝ የበረድ ድንጋይ። የዮሐንስ ራእይ ምዕራፍ 21 ላይ የከተማዪቱን መሠረቶች ያየ ሰው ሰንፔር፣ መረግድ፣ ቢረሌ፣ ያክንት የሚሉ ስሞችን ያገኛል። ድምፃቸው ብቻውን ያበራል።

አንድ ነገር ደግሞ አንድ ስም ብቻ አይኑረው። ማን እንደሚጠራው ይለያይ። ለቆፋሪው ማሚቶ ነው። በችሎትና በቤተ መንግሥት «እብነ ቃል» ይባላል። ሌቦች ግን «ከረሜላ» ይሉታል፤ አፍ ውስጥ ስለሚያዝ። አንድ ሰው ገብቶ «ከረሜላ አለህ?» ብሎ ሲጠይቅ ሥራው ምን እንደሆነ አወቅን።

ደረጃ 8፦ ገበያ አውጡት

ድንጋዩ በማን እጅ ያልፋል? ቆፋሪ፣ ደላላ፣ ነጋዴ፣ ገዢ፣ ሌባ። እያንዳንዳቸው ምን ይፈራሉ? እዚህ ላይ ብዙ አልቆይም፣ አንድ ችግር ግን ማለፍ አልቻልኩም። ጾመኛ ማሚቶን ሳያበላሹ መፈተን አይቻልም! ተናግረህበት ከያዘ እውነተኛ ነበር፤ አሁን ግን ሞልቷል። ተራ ጥርት ያለ ኳርትዝ ደግሞ በዓይን ያው ነው፣ ጉንጭ ላይም ያው ይቀዘቅዛል። መስታወት የሚሸጠውን ጉንጭ ያጋልጠዋል። ፎርጅዱ ኳርትዝ ከሆነ ግን ገዢው የሚያምነው ሰውየውን ብቻ ነው። ስለዚህ በዚያ ዓለም መልካም ስም ከወርቅ ይበልጣል። አንዴ ያጭበረበረ ቤተሰብ እስከ ልጅ ልጁ አይሸጥም። የቤተሰቡን ስም ለማደስ የሚሞክር አንድ ወጣት ነጋዴ አሁን ዓይኔ ላይ ቆሟል።

ደረጃ 9፦ ራሳችሁ ስበሩት

የሠራችሁትን ሕግ ለማፍረስ ሞክሩ። በሌባ ዓይን፣ በንጉሥ ዓይን፣ በሕፃን ዓይን እዩት። ወዳጅ ካላችሁ ንገሩትና «እንዴት ታጭበረብርበት ነበር?» በሉት። መልሱን ዝም ብላችሁ ጻፉ፣ አትከራከሩት።

እኔ መጀመሪያ ቆፋሪዎቹ ማሚቶ የሚገኝበትን ገደል የሚለዩት በመጮኽ ነበር። ጩኸቱ ካልተመለሰ ድንጋዩ ውጦታል ማለት ነው። በጣም ወድጄው ነበር። ሁለት ቀን ቆይቶ ግን አይሆንም አልኩ፤ የጮኸበትን ሁሉ እየሞላ እንዴት ባዶ ያገኛል? የታሸገው ደግሞ ድምፁ ስለማይደርሰው አይውጥም። ጣልኩት። ያወጣኝ የእውነተኛ ማዕድን ፈላጊዎች ልማድ ነው። ወንዝ ውስጥ የተገኘን ስባሪ ተከትለው ወደ ላይ፣ ወደ ምንጩ ይወጣሉ። የኔዎቹም ወንዙን ተከትለው የሞሉ ድንጋዮችን እያነሱ ይነክሳሉ። የፏፏቴ ድምፅ ያለው ከመሬት ገጽ የመጣ ነው። ድምፁ እየደበዘዘ፣ እየራቀ ሲሄድ ወደ ጥልቁ ቀርበዋል። በመጨረሻ ነክሰው ምንም እስከማይሰሙ ድረስ። ከመጀመሪያው ይልቅ ይህን እወደዋለሁ።

ሌላ ቀዳዳም ነበር። አንድ ሰላይ ጾመኛ ድንጋይ ወንበር ሥር ቢደብቅስ? ይሠራል። ድንጋዩ በቅርብ ካለው አፍ ይወስዳል። ተናጋሪው ሳያውቅ ቃሉን ይዘረፋል፤ ማታ ለሚስቱ ሊደግመው ሲል ምላሱ ይታሰራል፣ ያኔ ይነቃል። ይህን ቀዳዳ አልደፈንኩትም። አንዳንዱ ቀዳዳ በር ነው፣ ክፍቱን ተዉት።

ውሸትስ? ይይዛል። ድንጋዩ እውነትና ሐሰት አይለይም። ግን ውሸታሙ ያንን ውሸት ደግሞ ሊለው አይችልም። ችሎት ፊት «በል ድገመው» ሲባል ዝም ያለ ሰው ቃሉን የሆነ ቦታ አስቀምጦታል ማለት ነው።

ደረጃ 10፦ ሳታብራሩ አስገቡት

ድንጋዩ መጀመሪያ ሲታይ ሕጉን አትናገሩ። «ማሚቶ ማለት ከጥንት ጀምሮ…» ብላችሁ አትጀምሩ። የለመደ ሰው ሲጠቀምበት አሳዩ። አንባቢ ከእጁ አያያዝ ይረዳል። ያልገባው ቢኖር ይቀጥላል፤ ያልገባው ነገር ነው የሚያስቀጥለው። የሕጎቹን ዝርዝር እናንተ አንድ ገጽ ላይ ጽፋችሁ ጠረጴዛችሁ ላይ ለጥፉ። ከዚያ ገጽ ውስጥ ታሪኩ ላይ በቀጥታ የሚነገረው ከሲሶው ባይበልጥ ይሻላል። አዲስ ሕግ ደግሞ ጀግናው ጭንቅ ውስጥ ሳለ አታምጡ። ድንጋዩ ሊያወጣው ከሆነ በየትኛው ሕግ እንደሚያወጣው አንባቢው አስቀድሞ ያውቀው።

የማሚቶን መግቢያ እንዲህ ጻፍኩት፦

ውዳላት ድንጋዩን ጉንጯ ላይ አሳረፈችው። ቀዘቀዛት። ነጋዴው ፊቷን ሲያይ ቆየና ሁለት ጣቱን አነሳ። እሷ አንድ አነሳች። ራሱን ነቀነቀ። የጋብቻ ቀለበቷን አውልቃ እፊቱ አስቀመጠች። እሱም ዓይኑን ጨፈነ፣ ይሁን ማለቱ ነው።

ቤቷ ስትደርስ መሽቷል። ዶሮዎቹን ወደ ጎረቤት ሰደደቻቸው። እሳቱን አጠፋች፣ እንዳይንጣጣባት። በሩን ዘግታ ስንጥቁን በጨርቅ ደፈነች። ልጁ ተኝቷል። ድንጋዩን ከጨርቁ ፈታችና ከንፈሯ አጠገብ አመጣችው። ትንፋሽ ሳበች።

ከዚያ መለሰችው። ጨርቁን መልሳ ጠቀለለችበት። ልጁን ቀሰቀሰችና እስኪነቃ ድረስ፣ ለመጨረሻ ጊዜ፣ በአፏ ዘፈነችለት።